የፌዴራል ጉዳይ ማለት የአዲስ አበባ ጉዳይ ማለት አይደለም

ለተከበሩ አዘጋጅ፣

ኮምቦልቻ ላይ ወፍጮ ቤት ያለው ታናሽ ወንድሜ ዋና መሥሪያ ቤቱ አዲስ አበባ ከሚገኝ አንድ ድርጅት የእህል መፍጫ ማሽን ገዛ። የድርጅቱ የሽያጭ ሠራተኛ ራሱ እዚህ ድረስ መጥቶ ዋጋ ተነጋገረ፤ ውሉ በዱቄት ከረጢት ላይ ተዘርግቶ ተፈረመ፤ ማሽኑም እዚሁ ተተከለ። በሁለተኛው ወር ሞተሩ ሲቃጠል ግን ስልክ የሚያነሳ ጠፋ። ወንድሜ ክስ ሊያስጽፍ ቢሄድ ማመልከቻ ጸሐፊው «ተከሳሹ የአዲስ አበባ ድርጅት ስለሆነ ጉዳዩ የፌዴራል ነው፤ አዲስ አበባ ሂድ» ብሎ መለሰው። የጠየቃቸው ሌሎች ነጋዴዎችም ይህንኑ ስለነገሩት እጁን አጣጥፎ ተቀመጠ።

ምክሩ ግማሹ እውነት ነው። በ1988 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 25 በተለያዩ ክልሎች በሚኖሩ ሰዎች መካከል የሚነሳን የፍትሐ ብሔር ክርክር ለፌዴራል ፍርድ ቤቶች ሰጥቶ ስለነበር፣ በ2013 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 1234 ከተተካ በኋላም አስተሳሰቡ በሰው ዘንድ ሥር ሰድዷል። የሚዘነጋው ሌላኛው ግማሽ ነው፦ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት የክልል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የፌዴራሉን የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት፣ የክልል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደግሞ የፌዴራሉን ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሥልጣን ደርበው ይሠራሉ። በ1995 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 322 የፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት በአምስት ክልሎች ሲቋቋም አማራ ክልል ከነዚያ አንዱ ስላልነበረ ይህ ድርብ ሥልጣን እዚህ እንዳለ ነው። ስለዚህ የኮምቦልቻ ሰው የፌዴራል ጉዳዩን ለማቅረብ ሐረጎን ወጥቶ ደሴ መድረስ ይበቃዋል፤ በአዲስ አበባ መንገድ ላይ ያለውን ጣርማ በርን መሻገር የለበትም።

ቀጥሎ የሚመጣው የግዛት ሥልጣን፣ ማለትም ክሱን የየትኛው ቦታ ፍርድ ቤት ይየው የሚለው ጥያቄ ነው። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ የውል ክስ ውሉ በተደረገበት ወይም በሚፈጸምበት ቦታ እንዲቀርብ ይፈቅዳል፤ ይህ የሚቀረው ውሉ ራሱ ሌላ ቦታ ከወሰነ ነው። ችግራችን ያለው እዚህ ላይ ነው። ድርጅቶች አስቀድመው ባሳተሙት ውል መጨረሻ ገጽ ላይ፣ በደቃቅ ፊደል፣ «ክርክር ቢነሳ አዲስ አበባ በሚገኝ ፍርድ ቤት ይታያል» የሚል መስመር ያስገባሉ። የወንድሜንም ውል አገላብጬ ያገኘሁት ይህንኑ ነው፤ እርሱ ግን መስመሩን ከእኔ ሲሰማ የመጀመሪያው ነበር። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንደኛው ወገን ያዘጋጃቸው ጠቅላላ የንግድ ሁኔታዎች ሌላውን የሚያስገድዱት አውቆ ከተቀበላቸው ወይም የመንግሥት አካል ካጸደቃቸው ነው ይላል። ድርጅቱ ይህን መስመር ይዞ «ክሱ እዚህ አይታይም» ብሎ ቢቃወም፣ ዳኞች መቃወሚያውን ከመቀበላቸው በፊት «ይህ ሰው መስመሩን አውቆት ነበርን?» ብለው እንዲያጣሩ አጥብቄ እጠይቃለሁ።

ጥያቄው የእኛ ብቻ አይደለም። በ1945 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት፣ ዋና መሥሪያ ቤቱ ሚዙሪ የነበረን ኢንተርናሽናል ሹ የተባለ የጫማ ኩባንያ በዋሽንግተን ግዛት ሊከሰስ ይችላል ሲል ወስኗል። ኩባንያው በዚያ ግዛት ቢሮም መጋዘንም አልነበረውም፤ የነበሩት ከእያንዳንዱ ጥንድ አንድ አንድ ጫማ ለናሙና ይዘው የሚዞሩ ከ11 እስከ 13 የሚደርሱ ሻጮች ነበሩ። ኮምቦልቻ መጥቶ ማሽን የተከለ ድርጅት ከዚያ የላቀ እንጂ ያነሰ ግንኙነት የለውም።

ገዢው ራሱ መርካቶ ወርዶ፣ ከፍሎ፣ ጭኖ የመጣ ቢሆን ኖሮ ይህን ያህል አልከራከርም ነበር፤ ሻጩን ወደማያውቀው ከተማ መጎተት ለእርሱም ፍትሕ አይሆንምና። እዚህ መጥቶ የሸጠ ግን ትርፉን እዚህ እንዳገኘ ሁሉ መልሱንም እዚህ ይስጥ። የፍትሕ መሥሪያ ቤቶቻችንም የአንቀጽ 80ን ይዘት በየፍርድ ቤቱ በር በግልጽ አማርኛ ቢለጥፉ ስንቱን ከሜዳ መቅረት ያድኑታል።

ማሽኑ ዛሬም ሸራ ለብሶ ቆሟል። በዕቃ ጉድለት የሚቀርብ ክስ የይርጋ ጊዜው (ክሱ ሊቀርብ የሚችልበት የጊዜ ገደብ) አጭር ስለሆነ ወንድሜ በመጪው ሳምንት ክሱን ይዞ ደሴ ይወጣል።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ አንባቢ፣ ከኮምቦልቻ