ከሳቁ ጀርባ ያለው ሰው

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

ስለ ቴሌቪዥን ኮሜዲ ያወጣችሁት ጽሑፍ ተዋንያኑንና ደራሲዎቹን አንድ በአንድ አንስቷል። ጥሩ ነው። የድምፅ ባለሙያዎቹ ግን የሉበትም። ሁሌም እንደዚሁ ነው!

እስቲ ቻርሊ ዳግላስን ላንሳ። በአሜሪካው የቴሌቪዥን ጣቢያ ሲቢኤስ የድምፅ መሐንዲስ ነበር። ስቱዲዮ የገባ ተመልካች አንዳንዴ መሳቅ ሲገባው ዝም ይላል፤ ሌላ ጊዜ ያለ ቦታው ይንከተከታል። ዳግላስ ይህን ለማስተካከል እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ አንድ ሣጥን ሠራ። ውስጡ በቴፕ የተቀዳ ሳቅ ሞልቶታል፤ ከለስላሳው እስከ ሆድ የሚያስይዘው። ላዩ ላይ እንደ ታይፕራይተር ያሉ ቁልፎች አሉት። በእግር የሚረገጥ ፔዳልም አለው፤ የሳቁን ርዝመት የሚወስነው እሱ ነው። ሣጥኑን ቆልፎ ይዞ ይዞር ነበር፤ ውስጡን ማሳየት አይወድም።

ለዓመታት በአሜሪካ ቴሌቪዥን ይሰማ የነበረው የተቀዳ ሳቅ አብዛኛው የሱ ነው። በአሜሪካ የቴሌቪዥን ሽልማት በኤሚ የተከበረው ግን እ.ኤ.አ. በ1992 ነው፤ ያኔ ዕድሜው 80ን አልፏል። እኔ በግሌ የተቀዳ ሳቅ አልወድም። ያላሳቀኝን ነገር “ሳቅበት” የሚለኝ ይመስለኛል። የሰውየው ጥበብ ግን አይካድም።

በሚቀጥለው እትማችሁ በአገራችን ድራማዎች ላይ ማይክ የሚይዙትንና ድምፅ የሚያቀናብሩትን ልጆች ብታነጋግሩልን?

አክባሪያችሁ፣
አንባቢያችሁ ከአዲስ አበባ