ከመጋረጃው ወዲያ ሆኜ የሰማሁት

ክሮቶኔ፣ ጣሊያን
መጋቢት 12 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለውድ አባቴ፣

ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? የእማዬ ጉልበት ተሻላት? ታናሽ እህቴስ ትምህርቷ እንዴት ነው? እኔ ከእናንተ ናፍቆት በስተቀር፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደኅና ነኝ። የሁዳዴው ገንዘብ እንደ ደረሳችሁ እማዬ ነግራኛለች። ይህን ጉዳይ ግን በስልክ ልነግርዎ አልቻልኩም። ድምፅዎን ስሰማ ሆድ ይብሰኝና ያሰብኩት ሁሉ ይጠፋኛል።

የማስታምማቸው ሽማግሌ ጡረታ የወጡ የሒሳብ መምህር ናቸው። ባለፈው ሳምንት ምሳቸውን ካበላኋቸው በኋላ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን አሮጌ ጊታር አውርጂልኝ አሉኝ። ሁለት ክሮች አንድ ዓይነት ድምፅ እስኪሰጡ ድረስ ቃኙ። ከመድኃኒት ቤት ደረሰኝ ጫፍ ጥፍር የምታህል ወረቀት ቀደዱ፤ እንደ ቤት ክዳን አጥፈው በአንደኛው ክር ላይ አስቀመጧት። ከዚያ ሌላኛውን ክር መቱ። ማንም ያልነካው ክር ተንቀጠቀጠና ወረቀቷ ዘልላ ጭኔ ላይ ወደቀች።

አባቴ፣ ስምንት ዓመቴ ሳለ እርስዎ በገና ሲደረድሩ ያልነኩት አውታር ሲርገበገብ አይቼ «ማን ነካው?» ብዬ ጠይቄዎ ነበር። «ዝም ብለሽ አድምጪ» አሉኝ። እነሆ አሁን መልሱን አገኘሁ። ሁለቱ ክሮች በአንድ ሰከንድ እኩል ጊዜ ይርገበገባሉ፤ የአንዱ ግፊት ለሌላው በትክክለኛው ሰዓት ይደርሰዋል። ዥዋዥዌ ላይ ያለን ልጅ ተመልሶ በመጣ ቁጥር በጣት ብቻ ብንገፋው ከፍ እንደሚል ዓይነት ነው።

ሽማግሌው በዚያው የዚህን ከተማ ታሪክ አነሡ። ወንድሜ ስለ ሦስት ማዕዘን ሲያጠና የጥንቱን የግሪክ ፈላስፋ የፓይታጎረስን ስም ሲጠራ ሰምተው ይሆናል። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ530 ገደማ ከሳሞስ ደሴት ባሕር ተሻግሮ እዚሁ ክሮቶኔ መጣ። የደሴቱን አምባገነን ሸሽቶ ነው ይባላል። እንግዲህ እርሱም እንደ እኔ ስደተኛ ነበር። እዚህም የምስጢር ማኅበር አቋቋመ፤ የማኅበሩም እምነት ዓለም የተሠራው በቁጥር ነው፣ ቁጥርም በድምፅ ይሰማል የሚል ነበር።

ሽማግሌው በጣታቸው አሳዩኝ። የጊታሩ ክር 65 ሴንቲ ሜትር ነው። ግማሹ ላይ ሲጫኑት ያው ድምፅ ቀጥኖ ከላይ መጣ፤ 2 ለ1 ማለት ነው። ከሦስት እጅ ሁለቱን ሲያስቀሩ 3 ለ2፣ ከአራት እጅ ሦስቱን ሲያስቀሩ 4 ለ3። ለጆሮ የሚስማሙት እነዚህ ናቸው። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት ሲደመሩ አሥር ይሆናሉ። ማኅበርተኞቹ ይህን አሥር በነጥብ እንደ ሦስት ማዕዘን እየደረደሩ፣ የመምህራቸውን ስም ሳይጠሩ፣ «ይህን በሰጠን» ብለው ይምሉ ነበር። የእርስዎ በገና አሥር አውታሮች ትዝ አሉኝ። እርስዎ አሥርቱ ትእዛዛት ናቸው ይላሉ። ሁለቱ ምንጫቸው አንድ ነው ለማለት አልደፍርም፤ ልቤ ግን ደነገጠ።

ፓይታጎረስ ይህን ያወቀው ከአንጥረኞች መዶሻ ክብደት ነው የሚል ተረትም አለ። ውሸት ነው። ቀጭኑን ድምፅ ለማግኘት ክሩ ላይ የሚንጠለጠለው ክብደት እጥፍ ሳይሆን አራት እጥፍ መሆን አለበት። ይህን በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ያረመው የጋሊሌዮ አባት ቪንቼንዞ ጋሊሌይ ነው። በገዛ እጁ አውታር የሚመታ ሰው እንጂ ከመጽሐፍ የሚደግም ስላልነበረ እርስዎን አሰብኩ። ሲቃኙ አውታሩ ምን ያህል እንደሚጠብቅ ጣትዎ ያውቀዋል።

ማኅበርተኞቹ ከዋክብትም ሲዞሩ ያዜማሉ፣ ከተወለድን ጀምሮ ስለማይቋረጥ ግን አንሰማውም ይሉ ነበር። ፈላስፋው አሪስቶትል አልተቀበለውም። እኔ ግን ቅዱስ ያሬድን አሰብኩ። በእኛ ትውፊት እርሱ ከሰማይ የሰማውን በአክሱም ለሁሉ አሰማ፤ እነዚህ ግን ከማኅበሩ እንዳይወጣ ማሉ። በኋላ የከተማው ሰው ተነሣባቸው፣ የሚሰበሰቡበት ቤት ተቃጠለ፣ ፓይታጎረስም ሜታፖንቶ በተባለ ከተማ ሞተ ይባላል። አንዲት መስመር ጽፎ አልተወም።

አሁን ወደ ልቤ ነገር ልግባ። የማኅበሩ ታሪክ፣ ከብዙ መቶ ዓመታት በኋላ የተጻፈ ቢሆንም፣ አዲስ ገቢዎች አምስት ዓመት ዝም ብለው መምህሩን ሳያዩ ከመጋረጃ ወዲያ ሆነው ይሰሙ ነበር ይላል። ሽማግሌው ይህን ሲነግሩኝ አለቀስኩ። አባቴ፣ እኔም ከመጋረጃ ወዲያ ነበርኩ። ወንድሜን በየማታው ሲያስተምሩት፣ ከአልጋው ፊት በተጋረደው አበባማ ጨርቅ ጀርባ ተቀምጬ በጉልበቴ ላይ እደረድር ነበር። የትኛው ጣት በየትኛው አውታር ላይ እንደሚያርፍ አሁንም አልጠፋኝም። እርስዎ ግን አንድም ቀን አልጠሩኝም። ቂም ይዤ አይደለም የምጽፈው፤ ሳይነገርዎ እንዳይቀር ብዬ ነው። የእነዚያ ማኅበርተኞች ስም ዝርዝር ውስጥ እንኳ የ17 ሴቶች ስም አለ።

ወንድሜ ሥራ ይዞ ከሄደ ወዲህ በገናው ተሰቅሎ እንደ ቀረ እህቴ ነግራኛለች። የታችኛው አውታር ላልቷል፣ አውታሩን የሚያነዝረው ቆዳ፣ እንዚራውም ደርቋል ብላለች። ለአዲስ ጅማትና ለቆዳው የሚሆነውን በሚቀጥለው ደመወዜ እልካለሁ። እስከዚያው እህቴን ከመጋረጃው ወዲህ ይጥሯትና አጠገብዎ ያስቀምጧት። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ስደውል እንዳትነጋገሩ፤ ስልኩን የበገናው ገበቴ ላይ አድርጉልኝና እርሷ ትምታው።

እማዬን ሳሙልኝ።

ናፋቂ ልጅዎ