«ውድድሩ ተሰርዟል» ከተባለ በኋላ

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

አንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ፈትኖ፣ ውጤት ለጥፎ ሲያበቃ «ውድድሩ ተሰርዟል» ይላል። ተወዳዳሪው ምክር ሲጠይቅ አንዱ «ሳትቀጠር ምን መብት አለህ?» ይለዋል፤ ሌላው ደግሞ «አልፈሃል፣ ሥራው ያንተ ነው፣ ክሰስ»። ሁለቱም ያሳስቱታል።

እንዲህ ያለው ክርክር ህንድ ውስጥ ብዙ ጊዜ ፍርድ ቤት ስለደረሰ ከዚያ ብንነሳ ይጠቅማል። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1991 በአምስት ዳኞች የሰጠው ውሳኔ ስም በአላፊዎች ዝርዝር መስፈሩ ብቻ የመቀጠር መብት እንደማያስገኝ፣ መንግሥት ግን ቦታውን ክፍት አድርጎ የሚተወው ለበቂ ምክንያት እንጂ በዘፈቀደ ሊሆን እንደማይችል ይናገራል። ስለዚህ «ቅጠሩኝ» ብሎ የሚጀምር አቤቱታ አብዛኛውን ጊዜ ይወድቃል። ውሃ የሚያነሳው ጥያቄ «የስረዛው ውሳኔ ይሻር፣ ጉዳዩ እንደገና ይታይ» የሚለው ነው። ዳኛው ፈተና አያርምም፣ ሠራተኛም አይመርጥም፤ የሚመዝነው ስረዛው የተወሰነበትን መንገድና ምክንያት ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚዘነጋው ነገር አለ። ይኸው ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1977 እንዳለው የአስተዳደር ውሳኔ የሚመዘነው በተሰጠበት ጊዜ በያዘው ምክንያት ነው፤ መሥሪያ ቤቱ ከተከሰሰ በኋላ በመልሱ አዲስ ምክንያት መጨመር አይችልም። ስለዚህ ከአቤቱታው በፊት የስረዛው ቃለ ጉባኤ፣ የወሰነው አካል ማንነትና ካለ የማጣራት ሪፖርቱ በጽሑፍ ይጠየቁ፤ ጥያቄው ገቢ የሆነበት ማህተምና ቀን ያለው ቅጂም ይያዝ። ማስታወቂያው «በቴክኒክ ችግር» ብሎ፣ ቃለ ጉባኤው «በበጀት እጥረት»፣ መሥሪያ ቤቱ ለፍርድ ቤት የሰጠው መልስ ደግሞ «ፈተናው አስቀድሞ በመውጣቱ» ካለ፣ ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አይገኝም።

ምክንያቱ ማጭበርበር ሲሆን ክርክሩ ወደ አንድ ጥያቄ ይጠባል፤ አጥፊውን ከንጹሑ መለየት ይቻላል ወይ? እ.ኤ.አ. በ2003 በታየ ጉዳይ ለ134 የኮንስታብል (ተራ ፖሊስ) ቦታዎች የተደረገ ምርጫ በሙሉ ተሰርዞ ነበር። የመልስ ወረቀቶቹ እንደገና ሲመረመሩ ግን እንከን የተገኘባቸው 31 ተመራጮች ብቻ ነበሩ። ፍርድ ቤቱ የሌሎቹን መሰረዝ አልተቀበለም። በደረቅ አበሳ እርጥብ ይነዳል ማለት ይህ ነው፤ እርጥቡን የሚያድነው ግን ወረቀቱ ነው። ወረቀቱ ሲጠፋ ምን እንደሚሆን የህንዷ ግዛት የምዕራብ ቤንጋል ጉዳይ ያሳያል። እ.ኤ.አ. በ2016 በተጀመረ ምልመላ የተቀጠሩ 25,753 መምህራንና ሠራተኞች ቅጥር እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 2025 በጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ውሳኔ ሙሉ በሙሉ ፈረሰ። ዋናዎቹ የመልስ ወረቀቶች ተወግደው ስለነበር ሂደቱን ማጥራት የሚቻል ሆኖ አልተገኘም። በማጭበርበር ያልተለዩትም ቅጥራቸው ፈረሰ፤ የተቀበሉትን ደመወዝ ግን እንዲመልሱ አልታዘዙም። ይህ እጅግ ያማል።

የማጭበርበሩ ዓይነትም ወሳኝ ነው። ከእርማት በኋላ የተለወጠ ማርክ ከዋናው ወረቀት ጋር ተመሳክሮ ይለያል፤ በአንድ አዳራሽ የተደረገ ኩረጃም በመቀመጫ ቁጥር ይታጠራል። ከፈተናው ዋዜማ በስልክ የተሰራጨ ጥያቄ ግን ማን ጋ እንደደረሰ ስለማይታወቅ ሙሉ ስረዛን ለማስደገፍ ይቀላል። ስለዚህ አመልካቹ በመጀመሪያው አቤቱታው የመልስ ወረቀቶች፣ የማርክ መዝገቦችና የመቀመጫ ዝርዝሮች እንዳይወገዱ ትእዛዝ ይጠይቅ።

ጊዜም አይታገስም። አዲስ ማስታወቂያ ወጥቶ ሌሎች ከተቀጠሩ በኋላ እነሱን ተካፋይ ሳያደርጉ ክርክሩን መቀጠል ያስቸግራል፤ ፍርድ ቤቱም የሰውን እንጀራ ለመንካት ያመነታል። አዲሱን ምልመላ የሚያስቆም እግድ ከአዲሱ ፈተና በፊት ይጠየቅ። በአዲሱ ውድድር የሚመዘገብም ተቃውሞውን እንደጠበቀ በጽሑፍ ያስታውቅ፤ ዝም ብሎ ከተፈተነ ስረዛውን ተቀብሏል ሊባል ይችላል።

ዘጋቢዎቻችሁም ስለ ስረዛ ሲጽፉ መሥሪያ ቤቱን ሦስት ነገር ይጠይቁልን፤ ምክንያቱ የሰፈረበት ቃለ ጉባኤ መቼ ተፈረመ? በማጣራቱ ስንት ተወዳዳሪዎች ተለዩ? የመልስ ወረቀቶቹስ አሁን በማን እጅ ናቸው?

ከአክብሮት ጋር፣
የአስተዳደር ሕግ ባለሙያ