ከማይክል ጃክሰን በፊት የነበረው ኩዊንሲ
ሰላም ቤተሰብ፣ የማይክል ጃክሰን አልበሞች ፕሮዲውሰር ስለነበረው ስለ ኩዊንሲ ጆንስ በተነሳ ቁጥር ሁላችሁም ወደ ማይክል ጃክሰን ትሮጣላችሁ፣ እኔን ግን የሚገርመኝ ከዛ በፊት ያለው ነው። በፈረንጆች 1959 የራሱን ቢግ ባንድ (ትልቅ የጃዝ ባንድ) ይዞ አውሮፓ ሄደ፣ ባንዱ የሚያጅበው ሙዚቃዊ ትያትር ፓሪስ ላይ ሲዘጋ ባንዱን አልበትንም ብሎ ከከተማ ከተማ ሲያዞር እዳ ውስጥ ተዘፈቀ፣ ከዛ ተመልሶ ሪከርድ ካምፓኒ ተቀጠረ። በ1964 «ዘ ፖንብሮከር» ለሚለው ፊልም ሙዚቃ ሠራ፣ ያኔ ሆሊውድ ለጥቁር ኮምፖዘር በሩን መች ይከፍት ነበር! በ1967 ደሞ የ«አይረንሳይድ» የሚባለውን የቲቪ ድራማ መግቢያ ሙዚቃ ሠራ፣ ያቺን በሲንተሳይዘር (በኤሌክትሮኒክ የሙዚቃ መሣሪያ) እንደ ሳይረን የምትጮኸውን፣ ብራሱ (ትራምፔትና ትሮምቦኑ) ላይ የድሮው ባንድ መሪ ኩዊንሲ በደንብ ይሰማል። በ1977 በ«ሩትስ» የቲቪ ድራማ ሙዚቃ ኤሚ (የአሜሪካ የቲቪ ሽልማት) ወሰደ። ቅዳሜ ስንገናኝ አይረንሳይድን እንሰማታለን፣ ደህና ስፒከር ያለው ይዞ ይምጣ።