ሽፋሽፍት ስለማስቀጠልና ስለ አያያዙ ለደንበኞቻችን የተላከ ደብዳቤ

ደሴ

ለተከበራችሁ ደንበኞቻችን

ጉዳዩ፦ የሽፋሽፍት ኤክስቴንሽን (ሰው ሠራሽ ቅጥያ በሙጫ የመለጠፍ) አሠራራችን ስለመለወጡ

ከእንግዲህ ሽፋሽፍት ለመጀመሪያ ጊዜ የምታስቀጥልን ደንበኛ በመጣችበት ቀን እንደማንሠራላት፣ ይልቁንም ቢያንስ ከሁለት ቀን በፊት መጥታ የሙጫ ፍተሻ እንድታደርግ የምንጠይቅ መሆናችንን በአክብሮት እናሳውቃለን። የጥር ሠርግ በሚበዛበት ወቅት ይህ ለብዙዎቻችሁ፣ በተለይም ከኮምቦልቻ፣ ከሐይቅና ከባቲ ለምትመጡ፣ ሁለት ጊዜ መመላለስ ማለት እንደሆነ እናውቃለን። ስለዚህም ምክንያቱን ሳንሸሽግ ማስረዳት ግዴታችን ነው።

ባለፈው የሠርግ ወቅት አንዲት ሚዜ ሠርጉ ነገ መሆኑን ነግራን፣ እኛም ፊቷን አይተን መመለስ ከብዶን ያለ ፍተሻ ሠራንላት። ከሳሎናችን ስትወጣ ምንም አልነበረባትም። በማግሥቱ ጠዋት ግን ሁለቱም የዓይን ቆቦቿ አብጠው፣ ቀልተውና እያሳከኳት ተነሣች፤ የጓደኛዋን ሠርግ በጥቁር መነጽር ዋለች። ሐኪም የሰጣት ምላሽ የሙጫ አለርጂ የሚል ነበር። ጥፋቱ የእኛ ነበር፤ ይቅርታ ጠይቀናታል፤ ደንቡንም የለወጥነው ከዚያ በኋላ ነው።

ለዚህ ሥራ የሚያገለግለው ሙጫ ሲያኖአክሪሌት ከሚባል ኬሚካል የሚሠራ ሲሆን፣ የሚደርቀው በአየር ውስጥ ካለው እርጥበት ጋር ሲገናኝ ነው። በሚደርቅበት ጊዜ የሚወጣው እንፋሎት ዓይንን ይቆጠቁጣል፤ ሥራው እስኪያልቅ ዓይናችሁን እንዳትከፍቱ የምንለምነውም ለዚህ ነው። በዚያው ሰዓት የሚሰማ መቆጥቆጥና ማስለቀስ አብዛኛውን ጊዜ ከእንፋሎቱ የሚመጣና ቶሎ የሚያልፍ ነው። አለርጂው ግን ከሰዓታት አልፎም በማግሥቱ ወይም በሦስተኛው ቀን ይመጣል፤ ብዙ ጊዜ ሁለቱንም ዓይን ይይዛል፤ ሙጫው እንደገና በነካ ቁጥርም የመባባስ ጠባይ አለው። «ከዚህ በፊት አምስት ጊዜ አሠርቻለሁ፣ ምንም ሆኜ አላውቅም» የምትሉ ደንበኞቻችን ልብ እንድትሉልን የምንፈልገው አለርጂ ከብዙ ጊዜ አጠቃቀም በኋላም ሊጀምር እንደሚችል ነው። በፍተሻው ቀን ከዓይን ዳር ጥቂት ፀጉሮች ላይ ብቻ ቀጥለን 48 ሰዓት እንጠብቃለን። ፍተሻው ሙሉ ዋስትና አይሰጥም፤ ነገር ግን ያለ ፍተሻ ከመሥራት እጅግ ይሻላል።

ከሕንፃ መሣሪያ ሱቅ የሚሸጠውን ፈጣን ሙጫ ገዝታችሁ በቤት የምትሞክሩም እንዳላችሁ ሰምተናል። የኬሚካል ዘመዱ መሆኑ እውነት ነው፤ ዓይን አጠገብ እንዲውል ግን አልተዘጋጀም፤ እባካችሁ ተዉት። በነገራችን ላይ፣ በሐምሌ ጉሙ ከጦሳ ተራራ ወርዶ ከተማዋን ሲሸፍናት ሙጫው ከወትሮው ፈጥኖ ይደርቅብናል፤ በበጋ ደረቅ ወራት ደግሞ ይዘገያል። ግድግዳችን ላይ የምታዩት የእርጥበት መለኪያ ለጌጥ አልተሰቀለም።

ብዙ ቅሬታ የሚቀርብልን «ሳምንት ሳይሞላው ረገፈብኝ» የሚል ነው። እያንዳንዱ ቅጥያ የሚለጠፈው በአንድ የተፈጥሮ ፀጉር ላይ፣ ከቆዳው በግማሽ ሚሊ ሜትር ያህል ርቆ ነው። የራሳችሁ ፀጉር ደግሞ እንደ ራስ ፀጉር ያድጋል፣ ያርፋል፣ ይረግፋል፤ ማንኛችንም በቀን ጥቂት የሽፋሽፍት ፀጉሮች ሳናውቀው እናጣለን። ፀጉሩ ሲወድቅ የተሸከመውን ቅጥያ ይዞ ይወድቃል። በየሁለት ወይም በየሦስት ሳምንቱ ሪፊል (የረገፈውን መልሶ መሙላት) የሚያስፈልገውም ከዚህ የተነሣ ነው። ሁለት የተፈጥሮ ፀጉሮች በሙጫ ተጣብቀው ከቀሩ ግን አንዱ ሲያድግ ሌላውን እየጎተተ ከሥሩ ያደክመዋል፤ ይህ ከተደጋገመ ሽፋሽፍቱ የሚሳሳበትና መልሶ የማይበቅልበት ጊዜ አለ። ስለዚህ የባለሙያዋ ሥራ በጥድፊያ ቢያልቅ ደስ አይበላችሁ፤ ሙሉ ሥራ ሁለት ሰዓት ገደማ ይወስዳል።

ስለ ርዝመትም አንድ ነገር እንበል። በስልክ ፎቶ ይዛችሁ 15 ሚሊ ሜትር እንዲሆንላችሁ የምትጠይቁ አላችሁ። የጆርጂያ ቴክ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2015 ባሳተሙት ጥናት የ22 ዓይነት አጥቢ እንስሳትን ሽፋሽፍት ለክተው፣ ነፋስ በሚነፍስበት መሣሪያም በሰው ሠራሽ ሽፋሽፍት ፈትሸው፣ ዓይንን ከአቧራና ከመድረቅ በተሻለ የሚጠብቀው ርዝመት የዓይኑ ስፋት ሲሶ ያህሉ እንደሆነ፣ ከዚያ ሲበልጥ ግን ሽፋሽፍቱ ነፋሱን ወደ ዓይን እንደሚመራ አሳይተዋል። በኮምቦልቻ ወይም በባቲ አቧራ ለምትውሉ ይህ ትርጉም አለው። እኛም ከተፈጥሮው ርዝመት ከሁለት ወይም ከሦስት ሚሊ ሜትር በላይ አንቀጥልም፤ በዚህ የተነሣ ወደ ሌላ ሳሎን የሄዱ ደንበኞች አሉን፤ አልተቀየምንም።

ፈጽሞ የማንሠራላቸው ዓይኖችም አሉ። የአማራ ክልል በዓለም ላይ ትራኮማ እጅግ ከተስፋፋባቸው አካባቢዎች አንዱ እንደሆነ ይታወቃል። ኢንፌክሽኑ ሲደጋገም የዓይን ቆብን ከውስጥ ያጠባስሰዋል፤ ቆቡም ይታጠፍና ሽፋሽፍቱ ወደ ውስጥ ዞሮ ብሌኑን ይቧጥጣል። አንገታቸው ላይ ወረንጦ አንጠልጥለው የዓይናቸውን ፀጉር ሲነቅሉ የኖሩ እናቶችንና አያቶችን ሁላችንም እናውቃለን። ሽፋሽፍቷን ስለምትነቅል የሳሳባት እህት ወደ እኛ ስትመጣ ቅጥያ መለጠፍ ሕመሙን ሸፍኖ ማባባስ ስለሚሆን፣ የዓይን ክፍል ወዳለው ወደ ቦሩ ሜዳ ሆስፒታል ወይም በቅርቧ ወዳለ ጤና ጣቢያ እንድትሄድ እንመክራታለን፤ የተቀለበሰ የዓይን ቆብ ፀጉር በቀላል ቀዶ ሕክምና ይስተካከላልና። ዓይኗ የቀላ፣ የሚያዥ፣ የቆቧ ዳር የሚቆስል፣ ወይም በቅርቡ የዓይን ቀዶ ሕክምና ያደረገችም ሐኪሟ ሳይፈቅድ አንሠራላትም።

ወደ አያያዙ ስንመጣ፣ ትልቁ ስሕተት ውሃን መፍራት ነው። ከመጀመሪያው ቀን በኋላ ሽፋሽፍቱ በየቀኑ ወይም ቢበዛ በየሁለት ቀኑ መታጠብ አለበት። ካልታጠበ ላብ፣ ቅባትና ቅርፊት በሥሩ ይከማቻሉ፤ የቆቡ ዳር ይቆጣል፣ ያሳክካል፣ ጠዋት ጠዋትም ዓይን ይጣበቃል። ለዓይን የተዘጋጀ ዘይት የሌለው ፎም (አረፋማ ማጠቢያ) በለስላሳ ብሩሽ ከላይ ወደ ታች አድርጋችሁ በንጹሕ ውሃ አለቅልቁት፤ በፎጣ ሳትፈትጉ እንዲደርቅ ተዉት፤ ከዚያ አበጥሩት። ራሳችሁን ቅቤ የምትቀቡ ቅቤው በፀሐይ ቀልጦ ወደ ዓይናችሁ እንዳይወርድ በሻሽ እሰሩት፤ ቅባት ሙጫውን ያላላዋልና። እንጀራ ስትጋግሩ የምጣዱን አክንባሎ ፊታችሁን ዘወር አድርጋችሁ ክፈቱ፤ ቅጥያው ሰው ሠራሽ ክር ስለሆነ ኃይለኛ ሙቀት ያጣምመዋል። የወይባ ጭስ የምትገቡም ፊታችሁን ከጭሱ ውጪ አድርጉ። ኩል በቅጥያው ሥር መቀባት ለማጠብ ያስቸግራል፤ አንዳንዱም ኩል ጎጂ የሆነ እርሳስ እንዳለበት በላቦራቶሪ ምርመራ ታውቋል። በደረት ተኝቶ ማደር ደግሞ ቅጥያውን ይሰብረዋል።

ሙስሊም ደንበኞቻችን ስለ ውዱእ (ከሶላት በፊት ስለሚደረገው መታጠብ) ደጋግማችሁ ጠይቃችሁናል። እኛ መናገር የምንችለው የሙያውን ብቻ ነው፤ የደረቀው ሙጫ ውሃ አያስገባም፣ የለጠፈውንም የፀጉር ክፍል ይሸፍነዋል። ሸሪዓዊ ብይኑ የዑለማዎች ስለሆነ ቀጠሮ ከመያዛችሁ በፊት የምታምኗቸውን ሸኽ ጠይቁ። ፍተሻው በነፃ ስለሆነ ጠይቃችሁ ብትቀሩም ምንም አንጠይቃችሁም።

ቅጥያውን በጣት አትንቀሉት፣ በቅቤ እያሻችሁም ለማውለቅ አትሞክሩ። ሲሰለቻችሁ ኑ፤ በማስለቀቂያ ክሬም ያለ ሕመም ይወጣል፤ በእኛ ለተሠራ ክፍያ የለውም። ቆባችሁ ቢያብጥ ወይም እከኩ ቢበረታ በዚያው ቀን ደውሉልን፣ እናወልቅላችኋለን። ዓይናችሁ ውስጥ ሕመም ከተሰማችሁ፣ ብርሃን ከከበዳችሁ ወይም እይታችሁ ከደበዘዘ ግን እኛን ሳትጠብቁ ወደ ሐኪም ሂዱ። በቤት ውስጥ ሙጫ ዓይን ቢነካ ቆቡን በግድ ለማላቀቅ ሳትሞክሩ በብዙ ንጹሕ ውሃ ረዘም ላለ ጊዜ እያጠባችሁ ወደ ሕክምና ፍጠኑ።

ለጥር ቀጠሮ የያዛችሁ ከሠርጉ ቢያንስ አንድ ሳምንት ቀደም ብላችሁ ለፍተሻ ብቅ በሉ። ከሩቅ የምትመጡ በገበያችሁ ቀን ብትመጡ ወረፋ ሳናስጠብቅ እናስተናግዳችኋለን። ፍተሻው በነፃ ሲሆን ከሩብ ሰዓት በላይ አይወስድም።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር
የሳሎኑ ባለቤትና ባለሙያዎች