ጂፒኤሱ የሚጠራት ሴትዮ

ጌትሽ፣ እንዴት ነህ?

ጠፋሁ አይደል? «ማታ እደውላለሁ» እያልኩ ማታው ሳይመጣ ሦስት ዓመት ሞላ። ስድቡን አዘጋጅ፣ እችለዋለሁ። አሁንም ቺካጎ ነኝ፣ አሁንም ታክሲ እነዳለሁ።

መሀል ከተማ ስገባ ጂፒኤሱ በቀን አሥር ጊዜ «አይዳ ቢ. ዌልስ ድራይቭ» ይለኛል። መንገዱ በስሟ የተጠራው በ2019 ነው። ማን ናት ብዬ ጠይቄ አላውቅም ነበር። ዘንድሮ በረዶው ሲከብድና ተሳፋሪ ሲጠፋ ራሷ የጻፈችውን የሕይወት ታሪኳን ከቤተ መጻሕፍት ተውሼ መኪና ውስጥ ማንበብ ጀመርኩ።

በ1862 ሚሲሲፒ ውስጥ ባሪያ ከነበሩ ወላጆች ተወለደች። 16 ዓመቷ ላይ ቢጫ ወባ እናት አባቷን ወሰደባት፣ እሷም አስተማሪ ሆና ታናናሾቿን አሳደገች።

የባቡሩን ነገር ብታነብ ትስቃለህ። የአንደኛ ማዕረግ ቲኬት ቆርጣ ሴቶች ፉርጎ ውስጥ ተቀምጣለች። ቲኬት ተቆጣጣሪው መጥቶ ተነሺ፣ ሲጋራ የሚጨስበት ፉርጎ ሂጂ አላት። እንቢ። ክንዷን ሲይዛት እጁን ነከሰችው! እግሯን ከፊቷ ባለው ወንበር ላይ ተክላ ሦስት ሆነው ነው ጎትተው ያወጧት። ከሰሰች፣ 500 ዶላር ተፈረደላት፣ በ1887 የቴነሲ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሻረው። ሳቁ እዚህ ላይ አለቀ።

በ1892፣ ጋዜጠኛ ሆና ሳለ፣ ሜምፊስ ውስጥ ቶማስ ሞስ የሚባል ወዳጇን ገደሉባት። የልጁ ክርስትና እናት ስለሆነች አበልጇ ነው በለው። ከጓደኞቹ ጋር ሱቅ ከፍቶ የአንድ ነጭ ነጋዴ ገበያ ቀነሰ፣ ጠብ ተነሳ፣ ታሰሩ፣ ከዚያ ሌሊት እሱንና ሁለት ባልደረቦቹን ከእስር ቤት አውጥተው ረሸኗቸው። ያኔ ጥቁር በደቦ ሲገደል የሚሰጠው ምክንያት «ነጭ ሴት ደፈረ» ነበር። እሷም መጀመሪያ ይህን አምኜ ነበር ትላለች፣ ይቺን ሳትደብቅ መናገሯን ነው የወደድኩላት። ሞስን ግን ታውቀዋለች። ሱቅ ከመክፈት ሌላ ምን አደረገ?

ስለዚህ መቁጠር ጀመረች። የነጮቹን ጋዜጣ የቺካጎ ትሪቢዩንን ቁጥር ይዛ፣ በስምንት ዓመት ውስጥ በደቦ ከተገደሉት 728 ጥቁሮች በመድፈር የተወነጀሉት እንኳ ሲሶው ብቻ ናቸው ብላ ጻፈች። የራሳችሁ ወረቀት ነው፣ ምን ትሉኛላችሁ ዓይነት ነገር። ይህን ከመጻፏ በፊት ሜምፊስ የነበረውን የራሷን ጋዜጣ ቢሮ ሰባብረውት ነበር፣ ብትመለስ እንገድላታለን አሉ። አልተመለሰችም፣ መጻፏንም አላቆመችም።

እውነቱን ልንገርህ፣ አንዳንዱ ገጽ ስምና ቀን ብቻ ነው፣ አንተ ትሰለቻለህ። እኔ ግን አንዷን ገጽ ሳነብ የመኪናው ሞተር እየሠራ አርባ ደቂቃ ሄደ።

መጨረሻው ላይ ዓረፍተ ነገሩ መሀል ላይ ይቋረጣል። ወረቀት የተገነጠለ መስሎኝ ጠርዙን በጣቴ ዳበስኩት። ሳትጨርሰው በ1931 ሞታ ነው፣ ልጇ በ1970 እንዳለ አሳተመችው።

ቁጥርህ ያው የድሮው ነው? እሁድ በእናንተ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት እደውላለሁ። ካላነሳህ ጥፋቱ ያንተ ነው።