ድንጋዩ የመንግሥት፣ ጉድጓዱ የእናቴ

ለዝግጅት ክፍሉ፦

በአዲስ አበባ ዙሪያ ስላሉት የድንጋይ ካባዎች ያወጣችሁትን ዘገባ አነበብኩ። ስለ አቧራውና ሌሊት ስለሚንጋጉት ሲኖትራኮች የተባለው ልክ ነው። ያልተነሳው ወረቀቱ ነው። የቁፋሮ ፈቃድ ሲሰጥ ባለይዞታው የሚሰማው መቼ ነው?

እናቴ ከአቃቂ ወዲያ አንድ ኮረብታ ግርጌ ጤፍና ሽምብራ እያፈራረቀች ስትዘራ ኖራለች። የይዞታ ደብተሩ በስሟ ነው። አምና ጤፉ ማሸት ሲጀምር ሎደር መጥቶ ማሳው ዳር ቆመ። ሾፌሩ ጨዋ ልጅ ነው፤ ወርዶ እጅ ነስቷታል። «እማማ፣ እኔ የታዘዝኩትን ነው። ፈቃድ አላቸው» አላት። «ፈቃዱን የሰጣቸው ሰው ይህን ጤፍ አብሮኝ አርሟል?» ብላ ጠየቀችው። መልስ አልነበረውም፤ ሞተሩን አጥፍቶ ስልክ መደወል ጀመረ።

ፈቃዱን ወደ ሰጠው መሥሪያ ቤት ሄድኩ። የተቀበሉኝ ኃላፊ በትሕትና «ማዕድኑ የመንግሥት ነው፤ የእናትዎ ይዞታ መሬቱ ላይ ነው» አሉኝ። አልተሳሳቱም። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬትና የተፈጥሮ ሀብት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ ገበሬው ያለው የይዞታ መብት ነው። በዚህ አነጋገር የእናቴ የላዩ ብቻ ነው። ላዩን ሳይነኩ ሥሩን የሚያወጡበት ዘዴ ቢኖር ኖሮ እኛም ጠበቃ ባላስፈለገን።

ነገር ግን ያው አንቀጽ 40 ዝቅ ብሎ፣ መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም የግል ንብረት ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ «በቅድሚያ» እንዲከፍል ያዛል። በ1995 የወጣው የአካባቢ ተፅዕኖ ግምገማ አዋጅ ቁጥር 299ም ፈቃድ ሰጪው አካል ፈቃዱን ከመስጠቱ በፊት የአካባቢ ጥበቃው መሥሪያ ቤት መስማማቱን እንዲያረጋግጥ ያስገድዳል። ሕጉ ሁሉ «በፊት» ይላል። እኛ ሰፈር ግን ሎደሩ ይቀድማል፣ ወረቀቱ ይከተላል፣ ካሳው «በሂደት ላይ ነው»።

ልማት ጠል አይደለሁም። የገዛ ቤቴ መሠረት የታነጸው ከዚያው አቅጣጫ በመጣ ድንጋይ ነው፤ ያኔ ከማን ማሳ እንደወጣ አልጠየቅኩም። አሁን ሳስበው ያሳፍረኛል።

«ሁከት ይወገድልኝ» ብለን፣ ማለትም ይዞታችንን መንካት ይቁምልን ብለን ከሰስን። እዚህ ላይ በተመሳሳይ ችግር ውስጥ ላሉ አንባቢዎች አንድ ነገር ልንገር። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1149 መሠረት ይህ ክስ በሁለት ዓመት ውስጥ ካልቀረበ ይቀራል። ጎረቤታችን «ሽማግሌ እንላክ፣ ሰው ናቸው ይሰሙናል» ሲል ሁለቱ ዓመት አለፈበት። ሽማግሌ መላክ ደግ ነው፤ ክሱን መዝገብ ቤት አስገብቶ መላክ ግን ይበልጣል። በ1995 በወጣው የብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300 ደግሞ ማንም ሰው፣ የራሱ ጥቅም መነካቱን ማሳየት ሳይጠበቅበት፣ ለአካባቢ ጥበቃው መሥሪያ ቤት አቤት ማለት ይችላል። በ30 ቀን ውስጥ ውሳኔ ካጣ ወይም በተሰጠው ካልተስማማ በ60 ቀን ውስጥ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል። ይህን የነገረን ባለሥልጣን የለም፤ ያገኘነው ጠበቃችን ጠረጴዛ ላይ ነው።

ከሁሉ የከበደን እግዱ፣ ማለትም ክርክሩ እስኪያልቅ ቁፋሮው እንዲቆም የሚሰጠው የፍርድ ቤት ትእዛዝ ነው። ዳኛው ፈቃዱ ይቅረብ አሉ፤ ቀጠሮ ተሰጠ። ተከሳሽ መልስ ይዞ ይቅረብ ተባለ፤ ሌላ ቀጠሮ ተሰጠ። ቆፋሪው ቀጠሮ አያውቅም። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 እግድ የፈቀደው እኮ ክርክር የተነሣበት ንብረት ሊባክን ወይም ሊበላሽ ሲል እንዲቆም ነው። ቤት በስህተት ቢሸጥ ይመለሳል፤ በጃክ ሀመር የወጣ ድንጋይ ማን ወደ ቦታው ይመልሰዋል? እግዱን ስናገኝ ማሳው እኩሌታው ጉድጓድ ሆኖ ነበር። ክረምት ውሃ ቋጠረበት። እናቴ የጎረቤት ልጆችና ጥጃዎች እንዳይገቡበት በእሾህ አጥራዋለች፤ አጥሩን የሠራችው በራሷ ገንዘብ ነው።

ስለዚህ ጥያቄዬ ሁለት ነው። ፈቃድ ሰጪው የፈቃዱን ግልባጭ ማሽን ከመግባቱ በፊት ለባለይዞታው አስፈርሞ ይስጥ፤ ካርታው ላይ የማን ማሳ እንዳለ ሳያይ አይፈርምም ብዬ አምናለሁ። ፍርድ ቤቶችም የቁፋሮ ጉዳይ ሲቀርብላቸው የእግዱን ጥያቄ ከዋናው ክርክር ቀድመው በዚያው ሰሞን ይወስኑልን።

ዳኞቹ ቦታውን መጥተው እንዲያዩልን አመልክተናል። የሚመጡ ከሆነ ቦቲ ጫማ ይዘው ይምጡ፤ የቀድሞው መንገድ አሁን ጉድጓዱ ውስጥ ነው።

አንድ አንባቢያችሁ፣ ከቃሊቲ